የአንድ ልብ ቤት

ጁባ፣ ጥቅምት 9 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለተከበሩት እናቴ ለእትዬ አሰለች፣

ሰላምታዬ ከእግርዎ ሥር ወድቆ ይድረስዎ። ጉልበትዎ እንዴት ከረመ? ክረምቱስ በደህና ወጣልዎ? እኔ መድኃኔዓለም ይመስገን ደህና ነኝ። የሆቴሉ ወጥ ቤት እንደ ምድጃ ቢሆንም ሥራው አልጎደለም። እዚህ ያሉ አበሾች የእኔን ሽሮ ፍለጋ ከወንዝ ማዶ ድረስ ይመጣሉ ብልዎት ያምኑኛል? የወለደችኝ እናቴ ብትሰማ ትስቅ ነበር፤ እሷ ዘንድ ወጥ የማታውቅ ልጅ ነበርኩ።

ይህን የምጽፍልዎ ስልኩ ስለጠፋ ብቻ አይደለም። ከነሐሴ ወዲህ ሲቋረጥ ሲገናኝ እንደከረመ እርስዎም ያውቁታል። በሚሠራበት ቀን ግን ለሰው ሁሉ ሲገባ ለደሳለ ብቻ አይገባም። በመስከረም መጨረሻ አራጋው የሚባል የጭነት መኪና ሹፌር ከጋሸና ወደ አዲስ አበባ ሲወርድ ከእሱ የተላከ ወረቀት ይዞ መጥቶ በሰው በሰው ደረሰኝ። ስድስት ዓመት በትዳር የኖርኩት ባሌ የጻፈልኝ ይህን ብቻ ነው፦ «ደህና ነን። አታስቢ። እኛ ዘንድ የሚጎድል የለም።»

እኛ ማን ነው እትዬ? ልጅ የለን። እናቴ ከሞተች፣ እኔም ከወጣሁ ወዲህ በዚያ ቤት ያለው እሱ ብቻ ነው። ጽሕፈቱ የእሱ ነው፤ አነጋገሩ ግን የእሱ አይደለም። ደሳለን ያውቁታል፤ ዕድሜውን በአስጎብኚነት የኖረ፣ ሦስት ቃል በሚበቃበት ሠላሳ የሚናገር ሰው ነው።

እባክዎ ብቅ ብለው ይዩልኝ። ታሞ ከሆነ ይንገሩኝ። ሌላ ሴት አግብቶም ከሆነ ይንገሩኝ፤ እችለዋለሁ። መልስዎን ጋሸና ነጅሚያ ምግብ ቤት ቢያስቀምጡልኝ አራጋው ይወስደዋል።

አምላክ ዕድሜዎን ያለምልመው።

ልጅዎ ፋና

*

ላሊበላ፣ ኅዳር 25 ቀን 2016 ዓ.ም.

ይድረስ ለልጄ ለፋና፣ ለእናትሽ ለውባንቺ ዓይን፣

የላስታ ቅዱሳን በወጣሽበት ይቅደሙሽ፣ በገባሽበት ይከተሉሽ። እኔ ጉልበቴን ከማለት በቀር ደህና ነኝ። ደብዳቤሽ ወር ከአምስት ቀን መንገድ ላይ ቆይቶ ደረሰኝ። መንገዱ ሲዘጋ ነጅሚያ ዱቄት ማስቀመጫው ውስጥ ደብቃው ነበር፤ ሲደርሰኝ ነጭ ሆኖ ነው የመጣው። «አላህ ያግራላት በይልኝ» ብላሻለች።

ሌላ ሴት የለም። ይህን መጀመሪያ እወቂ።

ቤታችሁ ተከፍቶ አገኘሁት። የጎረቤት ዶሮዎች መደቡ ላይ ወጥተዋል። ላሚቱን ለታች ቤቶቹ ሰጥቷታል፤ አልሸጣትም፣ ሰጣት እንጂ። ያ ለፈረንጅ ሲሄድ የሚለብሰው ኮት ግድግዳው ላይ ተሰቅሏል። ጎረቤትሽን «የት ሄደ?» ብላት ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ «ወደ ቤቱ» አለችኝ። «ቤቱማ ይኸው» ብላት «ይኼን አይደለም» አለች።

ወደ ነአኩቶ ለአብ ስትሄጂ፣ ከመንገዱ በላይ ያለውን ባለ ሁለት ደርቡን ክብ የድንጋይ ቤት ታስታውሺዋለሽ። ገለቴ የምትባል የሙጃ ሴት ናት የያዘችው። በጦርነቱ ሦስት ወንዶች ልጆቿን የቀበረች ናት። መጀመሪያ ልጅ የሞተባቸውን እናቶች እየሰበሰበች አብራ ታለቅስ ነበር፤ ሰው ሁሉ ይመርቃት ነበር። ኋላ አዳም የሚባል፣ መድኃኒት ቤት ይሠራ የነበረ ሰው መጥቶ ተጠጋትና ልቅሶውን ማኅበር አደረገው፤ ለማኅበሩም ሥርዓት አወጣለት። አሁን ሃያ ሦስት ሰዎች ናቸው ይባላል። እነሱን ብትጠይቂ ግን «አንድ ነን» ነው የሚሉሽ። የአንዱን ትዝታ ሌላው ይወስዳል፣ የሌላውን አንዱ፤ እንዲህ እየተደባለቁ በመጨረሻ ብዙ ሰውነት ያለው አንድ ልብ ይሆናሉ አሉ። ውስጥ የሚደረገውን የሚናገር የለም። ባዶ እጁን የሚገባም የለም፤ እጅ መንሻው ገንዘብ እንዳይመስልሽ፣ ለማንም ያልተናገርሽው ነገር ነው። የንስሐ አባቴ ሰምተው «ንስሐ በካህን ፊት ለእግዚአብሔር ነው፤ ለጎረቤት የሚበተን ንስሐ የለም» ብለው ተቆጥተዋል።

ሄድኩ። ደሳለ እስከ ካቡ ድረስ ወጥቶ አነጋገረኝ።

«ሚስትህ እያለቀሰች ነው» አልኩት።

«እናውቃለን።»

«እናውቃለን የምትለው ማንና ማን ሆናችሁ ነው?»

ሳቅ አለ። «እትዬ አሰለች፣ ጉልበትዎን ሲያምዎት የሚታመመው ጉልበትዎ ነው ወይስ እርስዎ?»

«ሁለታችንም።»

«እንዲያ ነው እኛም» አለኝ።

እውነቱን ልንገርሽ፤ ፊቱ ወዝ አለው። ከጦርነቱ ወዲህ እንቅልፍ አጥቶ እንደነበር ታውቂያለሽ፤ አሁን ተኝቶ ያድራል አሉ። አልከፋውም። የከፋኝ እኔ ነኝ፤ ስሰናበተው እጄን ስሞ ሲያበቃ ዓይኑን ፈለግሁት፤ ዓይኑ አለ፣ እሱ ግን በዓይኑ ውስጥ የለም።

አልተውኩትም። የመጀመሪያ ቀን የሄደ እንግዳ መስማት ብቻ ነው የሚጠበቅበት አሉ። ገብቼ አየዋለሁ።

ያሳደገሽ አምላክ አይለይሽ።

እናትሽ አሰለች

*

ጁባ፣ ታኅሣሥ 19 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለእናቴ ለእትዬ አሰለች፣

እንኳን ለገና በዓል በሰላም አደረሰዎ። ገና በጁባ ገና አይመስልም፤ በላሊበላ ያለ በዓል ለምዶ የመጣ ሰው ሌላው ሁሉ አዘቦት ይሆንበታል።

ደብዳቤዎን ሳነብ መጀመሪያ ደስ አለኝ። ሴት አይደለም ብዬ ወጥ ቤት ውስጥ ብቻዬን ሳቅሁ። ማታ ደግሜ ሳነበው ግን ወረቀት አንስቼ ይህን ጀመርኩ።

እትዬ፣ ወደ ውስጥ አይግቡ። እለምንዎታለሁ። በደጅ ይጥሩት፣ ሽማግሌ ይላኩበት፣ እሺ ካላለ እርግማንም ቢሆን ይላኩበት። ውስጥ ግን አይግቡ። የሚያወሩትንም አይስሙ። እርስዎ ራስዎ አሉኝ፣ ተደባልቋል። የተደባለቀ ሰው የሚናገረው ምኑ ይታመናል? የአንዷን ለሌላዋ፣ የሙጃዋን ለላሊበላዋ እየሰጠ ይናገር ይሆናል።

ስለ እኔ ያወራል? ስሜን ያነሳል? ምን እንዳለ ቃል በቃል ይጻፉልኝ። ወይም ተዉት፣ አይጻፉልኝ። እንዲወጣ ብቻ ያድርጉልኝ። እኔ ዘንድ ይምጣ፤ እዚህ ለአስጎብኚም ለአስተናጋጅም ሥራ አይጠፋም።

እናቴ ብትኖር እሷ ታወጣው ነበር። ነፍሷን ይማርና።

ፈጣሪ ጤናዎን ይጠብቅልኝ።

ልጅዎ ፋና

*

ላሊበላ፣ የካቲት 21 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለፋና፣

ደብዳቤሽ ደርሶኛል። አይግቡ ያልሽኝ ከገባሁ በኋላ ነው የደረሰኝ።

ደሳለ በሕይወት አለ። ይበላል፣ ይተኛል። ላወጣው አልቻልኩም።

ጾሙ ሊገባ ነው። በእናትሽ ስም የዘንድሮውን ጧፍ እኔ ሰጥቻለሁ።

አሰለች

*

ጁባ፣ መጋቢት 17 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለእናቴ ለእትዬ አሰለች፣

ጾሙን በሰላም ያስፈጽምዎ።

ወረቀትዎን ገልብጬ ጀርባውን አየሁ፤ የተረፈ ነገር ካለ ብዬ። ሁለት ወር የጠበቅሁት ደብዳቤ ይኸው ነው? ልጄ አላሉኝም። አልመረቁኝም። እናቴ ከሞተችም ወዲህ፣ ከዚያም በፊት፣ ሳይመርቁኝ ቀርተው አያውቁም።

ሰምተዋል ማለት ነው።

ምን እንደሰሙ አላውቅም፤ ግን እውነት አይደለም። ተኩሱ ከተማ የገባ ጊዜ እናቴ በራሷ አንደበት ሂጂ፣ ነፍስሽን አድኚ ብላኝ ነው የሄድኩት። ይህን ለለቅሶ የመጣው ሰው ሁሉ ከአፌ ሰምቷል፤ እርስዎም አጠገቤ ተቀምጠው ሰምተዋል። ደሳለ ያን ጊዜ ጋሸና ነበር፤ መንገድ ተዘግቶበት ሦስት ሳምንት እዚያው ቀርቷል። ያላየውን ምን ያውቃል? የሌላ ሴት ታሪክ ነው የተደባለቀበት። በዚያ ቤት ስንት ሴት አለች፣ ስንት ሴት ስንት ነገር ጥላ መጥታለች።

ከዚህ በኋላ አይሂዱ። ስለ እሱም አይጻፉልኝ። ከወደዳቸው እዚያው ይቅር። ከስድስት ዓመት ትዳር ይልቅ ሃያ ሦስት ሰው ከበለጠበት ምን አደርጋለሁ? እኔም እዚህ ሥራዬን ልሥራ።

ጉልበትዎን የሚቀቡት ቅባት ልኬያለሁ፤ አራጋው ያደርስልዎታል።

ፋና

*

ላሊበላ፣ ግንቦት 6 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለልጄ ለፋና፣

ልጄ ብዬ መጀመሬን ልብ በይልኝ። ከፋሲካ ወዲህ ብዕር አንስቼ ያስቀመጥኩት በዚህች ቃል ላይ ነው። ቅባቱ ደርሶኛል፤ እግዚአብሔር ይስጥልኝ።

ስልክ ቤት ሃያ ሁለት ዓመት ኦፕሬተር ሆኜ ሠርቻለሁ። ያኔ መስመር የሚያገናኘው የሰው እጅ ነበር። የዚህን አገር ሰው የእጮኛ ወሬ፣ የርስት ክርክር፣ መርዶ፣ ሁሉን በዚህ ጆሮዬ ሰምቻለሁ። የሰማሁትን ግን ከዚያች ክፍል ይዤ ወጥቼ አላውቅም። በጥር ወር እነ ገለቴ ዘንድ የሰማሁትን ግን ይዤ ወጣሁ። አራት ወር ተሸክሜዋለሁ።

ከላይ ደርቡ ላይ ነው የሚቀመጡት፣ በመሰላል ተወጥቶ። ምንም የሚያስፈራ ነገር የለም፤ ሰሌን ተነጥፏል፣ ሰው ክብ ሠርቶ ትከሻ ለትከሻ ተነካክቶ ዓይኑን ይጨፍናል። አንዱ የደረሰበትን ይናገራል። ቀጥሎ ያለው ያንኑ «እኔ» እያለ ይደግመዋል። ከዚያ ሌላው፣ ከዚያ ሌላው። ዞሮ ዞሮ ባለቤቱ ዘንድ ሲመለስ አዳም ቀስ ብሎ ይጠይቃል፦ «ይህ የደረሰው በማን ነው?» ባለቤቱ «አላውቅም» ካለ ሁሉም በአንድ ላይ እፎይ ይላሉ። የእውነት እፎይታ ነው፣ ልጄ። አንድ አባት፣ ልጁ በእጁ ላይ የሞተበት፣ «አላውቅም» ብሎ እንደ ሕፃን ሲስቅ አይቻለሁ።

ከአጠገቤ የተቀመጠች ሃያ ዓመት የማይሞላት ልጅ ተራዋ ደረሰ። «እናቴ እግሯ አብጦ መራመድ አልቻለችም» ብላ ጀመረች። «የነጠላዬን ጫፍ ይዛ አትተይኝ አለችኝ። በቅሎ ይዤልሽ እመለሳለሁ ብዬ ማልኩላት። በቅሎዋንም አገኘሁ። ተኩሱ ሲበረታ ግን ወደ ቤት አልተመለስኩም፤ ራሴ በቅሎዋ ላይ ወጥቼ ቁልቁል ሄድኩ።» ያልታደለች፣ የማን ልጅ ትሆን ብዬ ከንፈሬን መጠጥኩላት። ቀጥላ «እናቴ ውባንቺ» አለች።

ደሳለን አየሁት። ዓይኑን ጨፍኖ ከንፈሩን ከልጅቷ ጋር ያንቀሳቅሳል።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ስምሽ ሲነሳ ሆዴ ይሻክር ነበር። ውባንቺ የአክስቴ ልጅ ብቻ አይደለችም፤ በአንድ ጀርባ ታዝለን ያደግን ነን። ያችን የየካቲቷን ወረቀት የጻፍኩልሽ በዚያ ሆዴ ነው። ግን ቂሜ እየበረታ ሲሄድ የራሴ ነገር ከሥሩ ብቅ አለ። አሁን የእኔን ስሚ።

እናትሽ ብቻዋን በሆነች በሁለተኛው ቀን የታች ቤት ጎረቤታችን በሬን መታች። በስንጥቁ በኩል «አሰለች፣ ውባንቺ ትጣራለች፤ ብቻዋን ሳትሆን አትቀርም። እኔ ልጆቼን ይዤ ልወጣ ነው፣ አንቺ ድረሺላት» አለችኝ። «እሺ» አልኳት። እሺ ብዬ በሩን ሳልከፍት ተመልሼ አልጋው ሥር ገባሁ። ማንን እንደምትጠራ እንኳ አልጠየቅሁም። ከቤቴ እስከ ቤታችሁ ሁለት መቶ እርምጃ አይሞላም። በሦስተኛው ቀን ተኩሱ ጋብ ሲል ሰዎች በሩን ሰብረው ገቡ። ፈርታ ከውስጥ ቆልፋ ነው ተባለ። እኔ ደረቴን እየመታሁ አለቀስኩ፤ ሰው ሁሉ «ምን ያለች እህት ናት» ብሎ አዘነልኝ።

ይህን ለንስሐ አባቴ እንኳ አልተናገርኩም። ያ አባት ሲስቅ ካየሁ ወዲህ ግን ያን ሳቅ እመኝ ጀመር። ከሆሳዕና በፊት ባለው ዓርብ ተመልሼ ሄድኩ። ደሳለን ላወጣ አይደለም፤ የራሴን ላራግፍ ነው የሄድኩት።

ክቡ ውስጥ ተቀመጥኩ። አዳም «አሰለች፣ ምን አመጣሽልን?» አለኝ። አፌን ከፈትኩ። ገና ቃል ሳይወጣኝ ገለቴ፣ ያቺ የቤቱ ባለቤት፣ ከወዲያ በኩል ዓይኗን ገለጠች።

«ቆዩ» አለች። «ገብረመስቀል ግንባሩ ላይ ጠባሳ ነበረው?»

ገብረመስቀል የመጨረሻ ልጇ ነው።

«ትናንት ጠባሳ አላችሁ። ዛሬ ጥርሱ የተሸረፈ ነው አላችሁ። የትኛው ነው የእኔ? ጠባሳው የማን ልጅ ነው?»

አዳም በዚያ በለስላሳ ድምፁ «የሁላችንም ነው» አላት።

ብድግ አለች። እንዲያ ያለች ቀጭን አሮጊት ያን ድምፅ ከየት እንዳመጣችው አላውቅም። «የሁላችሁም አይደለም! እኔ ነኝ ያማጥኩት! ፊቱ ጠፋኝ። ሰዎች፣ የልጄ ፊት ጠፋኝ! ያለቀስኩበት ይሻለኝ ነበር፤ ልጄን መልሱልኝ!» እያንዳንዱን ሰው አገጩን ይዛ እየቀናች ጠየቀች፦ «አንተ ታውቃለህ? አንቺስ? ጥርስ ነው ጠባሳ?» የሚያውቅ አልነበረም። አንዱ ጥርስ ይላል፣ አንዱ ጠባሳ ይላል፣ አንዷ ሴት ደግሞ የራሷን ልጅ ስም መጥራት ጀምራ መሃል ላይ ጠፋትና ጮኸች። ከዚያ ቤቱ ተደበላለቀ። በመሰላሉ እየተጋፉ ወረዱ። ገለቴ ነጠላዋን ጥላ፣ መንገዱን ይዛ፣ ልጇን እየጠራች ወደ ሙጃ አቅጣጫ ሄደች። ሁለት ሴቶች ተከተሏት። አዳም ብቻውን ሰሌኑ ላይ እንደተቀመጠ ቀረ። በሳምንቱ እሱም የለም፤ የት እንደገባ የሚያውቅ የለም። ቤቱ አሁን ባዶ ነው።

እኔም ነገሬን እንደያዝኩ ወደ ቤቴ ተመለስኩ። ለእነሱ ሳልሰጥ ቀረሁ። ይኸው ለአንቺ ሰጠሁ።

ደሳለ በጸሎተ ሐሙስ ዕለት በሬ ላይ ተቀምጦ አገኘሁት። ከስቷል። «ግባ» ብለው «አይገባኝም» አለኝ። «እናቴን ትቼ የሄድኩ ሰው ነኝ።»

ደሳለ እናቱን አያውቃትም፤ ገና አራት ዓመት ሳይሞላው ነው በበሽታ የሞተችው። ይህን ነገርኩት። «አይደለም» አለ። «ነጠላዬን ይዛኝ ነበር። በበቅሎዋ የሄድኩት እኔ ነኝ። እትዬ አሰለች፣ ውባንቺ እህትዎ ናት፤ ይቅር ይበሉኝ» ብሎ እግሬ ላይ ወደቀ።

ቤቴ አለ። ፋሲካን አልገደፈም፤ ሥጋ አልቀምስም አለ። አሮጊት ሴት በመንገድ ካየ ተነስቶ ይቅርታ ይለምናል። ነጅሚያ ሰምታ ከጋሸና ድረስ በአይሱዙ መጣች፤ አንቺም ታውቂያታለሽ፣ አትቀልድም። «አንተ ሰውዬ» አለችው፣ «ያን ሦስት ሳምንት እኔ ዘንድ ነበርክ። ጓዳዬ ውስጥ ድንች ስትልጥልኝ ነበር። ልጣጩን ታወፍረዋለህ ብዬ ስንት ጊዜ ተቆጥቼሃለሁ። ወላሂ!» እሱ ስለማያውቀው ሰው እንደሚነገረው በትሕትና ሰማትና «የእርስዎ ቤት እንግዳ መልካም ሰው ይመስላል» አላት። ነጅሚያ ወጥታ አለቀሰች።

ፋናዬ፣ በመጋቢት የሌላ ሴት ታሪክ ነው ብለሽኛል። አልከራከርሽም፤ እኔ ማን ነኝ ልከራከርሽ። ግን ይህ ሰው የማንንም ይሁን የማን ተሸክሞት እየሞተ ነው። ባለቤት ከሌለው ምን ልበለው? ቤቱ ቢፈርስም ጭነቱ እሱ ላይ ቀርቷል።

አምላክ ይርዳሽ፣ አንደበትሽን ይፍታልሽ።

እናትሽ አሰለች

*

ጁባ፣ ሰኔ 2 ቀን 2016 ዓ.ም.

ለእናቴ ለእትዬ አሰለች፣

ሰላምታዬን መጨረሻ ላይ ይቀበሉኝ። አሁን ደሳለን አጠገብዎ ያስቀምጡትና ከዚህ በታች ያለውን ጮክ ብለው ያንብቡለት።

ደሳለ፣ ፋና ነኝ። ሚስትህ።

እናቴን ትቼ የሄድኩት እኔ ነኝ። አንተ አይደለህም። ጁባ ልመጣ የተነሳሁ ሰሞን ለአንተ የነገርኩህ ስለጨነቀኝ ነው፤ ለሌላ ሰው ትሰጠዋለህ፣ አንተም ትወስደዋለህ ብዬ አይደለም። እግሯ አብጦ ነበር። የያዘችው የእኔን ነጠላ ነው። አንተ ነጠላ ለብሰህ አታውቅም፤ በዓል እንኳ ጋቢ ነው የምትለብሰው። አትተይኝ ያለችው እኔን ነው፤ አንተንማ እኮ እንደ ልጇ እየወደደችህ አንድም ቀን አንተ ብላ ጠርታህ አታውቅም፣ እርስዎ ነበር የምትልህ፤ አማች ነህ።

ነጅሚያ እውነቷን ነው። አንተ ጋሸና ነበርክ። ስትመለስ እጅህ በቢላዋ ተቆርጦ በጨርቅ አስረኸው ነበር፤ ድንች ስልጥ ነው ብለኸኝ ስቄብሃለሁ። ያ ከሐዘኑ ወዲህ የመጀመሪያ ሳቄ ነበር። ግራ አውራ ጣትህን እየው፤ ጠባሳው አሁንም እዚያ ይሆናል።

ካላመንክ አንድ ነገር ልጠይቅህ። የቤቱ ቁልፍ የት ነው?

አታውቅም። አልነገርኩህም። ለንስሐ አባትም ለማንም አልነገርኩም። እናቴ በሩን ከውስጥ አልቆለፈችም፤ መነሳት አትችልም ነበር። ስወጣ ሰው እንዳይገባባት ብዬ ከውጭ የቆለፍኩት እኔ ነኝ። እመለሳለሁ ብዬ ነው የቆለፍኩት፤ ያን ጊዜ እውነቴን ነበር። ከዚያ በቅሎዋ ላይ ወጣሁ። ቁልፉን ጡቴ መሃል ሻጥ አድርጌው ነበር፤ ስሄድ በቅሎዋ በረገጠች ቁጥር ይወጋኝ ነበር። አሁን እዚህ ከፓስፖርቴ ጋር በላስቲክ ተጠቅልሎ አለ። የሄደው ሰው አንተ ብትሆን ቁልፉ አንተ ዘንድ በኖረ። ኪስህን ፈትሽ። የለም።

የእኔ ነው ደሳለ። መልስልኝ። ሥጋ ብላ።

እትዬ፣ ከዚህ በታች ያለው ለእርስዎ ብቻ ነው።

ሲያነቡ እዚህ ላይ ድምፅዎ እንደሚቆም ገብቶኛል። በመጋቢት ዋሽቼዎታለሁ። እርስዎም እየዋሸሁ እንደሆነ እያወቁ ልጄ ብለው ጻፉልኝ። በዚያች ቀን በሩን ከፍተው ሁለት መቶውን እርምጃ ቢሄዱ ኖሮ የተቆለፈ በር ነበር የሚጠብቅዎ። ጎበዝ ያስፈልገው ነበር፤ ጎበዝ ደግሞ በከተማው አልነበረም። ይህን የምልዎ ላጽናናዎ አይደለም፤ ማጽናናት የእኔ ቦታ አይደለም። እውነት ስለሆነ ነው። ማንን እንደምትጠራ አልጠየቅሁም ብለውኛል። የምትጠራው እኔን ነው። ሌላ ማንን ትጥራ?

ለሆቴሉ ባለቤት ነግሬያለሁ፤ በሐምሌ እመጣለሁ። እርስዎ ዘንድ ነው የምመጣው። እናቴ እህትዎ ናት፤ ላይሽ አልፈልግም ቢሉኝ አልፈርድብዎትም። ባይከፍቱልኝም ደጅ እጠናለሁ።

ጉልበትዎን ያበርታልኝ።

ፋና